ሙሽራዋ በዜማ የምታለቅስበት ሰርግ፦ የሩሲያ ገጠር የሰርግ ዘፈንና ጭፈራ

በድሮው የሰሜን ሩሲያ ገጠር ሙሽራ ሳታለቅስ ከተዳረች ሰው ያማታል። «ለወላጆቿ ደንታ የላትም» ትባላለች። ትዳሯም አይሰምርም ተብሎ ይፈራላታል። ለዚህ የሚጠቅሱት አንድ ተረት አላቸው፦ «ማዕድ ላይ ያላለቀሰች ምሰሶ ሥር ታለቅሳለች።» ማዕዱ የሰርጉ ማዕድ ነው። ምሰሶው ደግሞ በትልቁ የቤት ምድጃ አጠገብ የሚቆመው ነው፤ ያገባች ሴት ቀኑን ሙሉ ጉድ ጉድ የምትልበት ቦታ። እንባሽን አሁን፣ ሰው ፊት፣ በወጉ ጨርሺው፤ አለዚያ ነገ ብቻሽን ታፈሺዋለሽ ማለታቸው ነው።

ለቅሶው ዝም ብሎ ማንባት አይደለም። ዜማ አለው፣ ግጥም አለው፣ ሰዓትም አለው። በእኛ ቋንቋ ሙሾ ነው። እኛ ጋ ሙሾ የሚወርደው ለሞተ ሰው ነው። እነሱ ጋ ለቀብርም ለሰርግም ይወርዳል። በአንዳንድ አካባቢ የሁለቱ ዜማ ራሱ አንድ ነው።

የሩሲያ ሰርግ ሲባል አብዛኞቻችን የምናስበው ሌላ ነው። አኮርዲዮን፣ ቁጢጥ ብሎ እግር እያወነጨፉ መጨፈር፣ ቮድካ፣ «ጎርኮ! ጎርኮ!» (መረረን! መረረን!) የሚል ጩኸት። ሶቪየት ኅብረት የተማረ አጎት ወይም አክስት ያለው ሰው ይህን ሰምቶ ያድጋል። ውሸት አይደለም። ግን የሰርጉ ሁለተኛ ግማሽ ነው። የመጀመሪያው ግማሽ ለቅሶ ነው፣ ሁለተኛውም ያለ መጀመሪያው ትርጉም የለውም።

በድሮው የገበሬ ሰርግ ሙዚቃ ማድመቂያ አልነበረም። ሥራ ነበረው። ልጅቷን ከአባቷ ቤት አውጥቶ ባሏ ቤት የሚያስገባት ዘፈኑ ነበር። እያንዳንዱ እርምጃ የራሱ ዜማ አለው። ዜማው ካልተዘፈነ እርምጃው እንደተፈጸመ አይቆጠርም። እዚህ የማወራው በዋናነት ስለ 19ኛውና ስለ 20ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ነው፤ የሕዝብ ዘፈን ሰብሳቢዎች በደንብ መዝግበው ያቆዩልን የዚያን ዘመን ሰርግ ነውና።

አባቶች እጅ ሲማቱ

ሰርግ የሚደገሰው በጾም አይደለም። ኦርቶዶክስ ናቸው። ወቅቱ ከጥምቀት በኋላ፣ ከዐቢይ ጾም በፊት እስካለው የመጨረሻ ሳምንት ድረስ ነው። አለዚያ ደግሞ እህል ገብቶ ሲያበቃ፣ ኦክቶበር 14 ከሚውለው የፖክሮቭ በዓል ወዲያ ነው።

መጀመሪያ ሽማግሌ ይላካል። ነገሩ ከተስማማ ሁለቱ አባቶች እጅ ለእጅ ይማታሉ። ሩኮቢትዬ ይሉታል። ከዚያ ወዲያ ቃል ማጠፍ ትልቅ ነውር ነው። በሰሜኑ ክፍል፣ በቮሎግዳ፣ በአርካንግልስክና በኦኔጋ ሐይቅ አካባቢ፣ እጅ በተመታ ቅጽበት ልጅቷ ላይ ሻሽ ይጣልባታል። ፊቷ ይሸፈናል። ሙሾውን የምትጀምረው ያኔ ነው።

መጀመሪያ አባቷን ትጠይቃለች። ምን አጠፋሁ? ሥራ ለገምኩ? እህል አበዛሁብህ? ነጻነቴን በአንድ ብርጭቆ ቮድካ ለምን ሸጥከው? ከዚያ እናቷን፣ ከዚያ ወንድሞቿን፣ ከዚያ ጓደኞቿን። ለእያንዳንዱ የሚገባው ሙሾ አለ። ቀናቱ እየገፉ ሲሄዱ በጠዋት ስትነሳ፣ እንግዳ ሲመጣ፣ ስጦታ ሲሰጣት፣ ሁሉንም በሙሾ ትቀበላለች።

ደጋግማ የምታነሳው «ቮሊያ»ን ነው፤ የልጃገረድነት ነጻነቷን። በግጥሙ ላይ ቮሊያ ሕይወት ያላት ፍጡር ናት። ነጭ የውሃ ወፍ ሆና ትበራለች። በርች ዛፍ ላይ ታርፋለች። ጫካ ገብታ መንገድ ይጠፋታል። አጠገቧ ደግሞ «ክራሶታ» አለች፤ የልጃገረድ ውበት። እሷ በእጅ የምትያዝ ዕቃ ናት። አንዳንድ ቦታ ሹሩባ ላይ የሚታሰር ሪባን፣ ሌላ ቦታ በሪባንና በሻማ ያጌጠች ትንሽ ዛፍ። ሙሽራዋ እያለቀሰች ለታናሽ እህቷ ወይም ላላገባች ጓደኛዋ ታስረክባታለች።

ሁሉም ሴት ልጅ ይህን ሁሉ ትችላለች ወይ? አብዛኛዎቹ ከልጅነታቸው የሰው ሰርግ ላይ ቆመው ሲሰሙ ያድጉ ነበር። ዜማው ጠባብ ነው። አራት አምስት ድምፅ ቢኖረው ነው። ከላይ ይነሳና ወደ ታች ይወርዳል፣ መጨረሻው በሲቃ ይቆረጣል። ግጥሙ ከተዘጋጁ ሐረጎች እየተገጣጠመ እዚያው ይፈጠራል። የእኛ አልቃሾች ሲገጥሙ የሰማ ሰው አሠራሩ አያስቸግረውም። ሙሽራዋ ካቃታት ደግሞ የተካነች ሴት አጠገቧ ቆማ በእሷ ስም ታወርድላታለች።

ከእነዚህ ሴቶች ስሟ ከሁሉም የገነነው ኢሪና ፌዶሶቫ ናት። ኦኔጋ ሐይቅ ዳር የተወለደች የገበሬ ልጅ ናት። ፊደል አልቆጠረችም፣ በልጅነቷ ከፈረስ ወድቃ አንድ እግሯን ታነክስ ነበር። ገና በጉርምስናዋ ሰርግ ላይ የምትጠራ አልቃሽ ሆነች። እ.ኤ.አ. በ1867 ኤልፒዲፎር ባርሶቭ የሚባል የፔትሮዛቮድስክ መምህር አገኛትና ቃሏን መጻፍ ጀመረ። የመጀመሪያው ቅጽ በ1872 ታተመ፤ የሰርግ ሙሾዎቹ በኋላ በመጣው ሦስተኛ ቅጽ ወጡ። በ1896 ኒዥኒ ኖቭጎሮድ በተካሄደው ትልቁ የመላ ሩሲያ ኤግዚቢሽን ላይ መድረክ ወጥታ አሰማች። ወጣቱ ደራሲ ማክሲም ጎርኪ እዚያ ነበር፣ ስለ እሷም ጽፏል። አንዲት ማንበብ የማትችል አሮጊት ያን ሁሉ የከተማ ሰው ቁጭ አድርጋ ማስለቀሷ ይደንቀኛል።

ሁለት ዜማ ባንድ ጊዜ

ከሰሜኑ ሰርግ ሁሉ ልቤን የሚይዘው የቮሎግዳ ምሥራቃዊ መንደሮች ልማድ ነው። ሙሽራዋ ፊቷን ተሸፍና ትቀመጣለች። ጓደኞቿ ዙሪያዋን ይሆናሉ። ልጃገረዶቹ በኅብረት አንድ ቀርፋፋ ዜማ ይይዛሉ፤ ከባድ፣ እርምጃው የማይዛነፍ። ሙሽራዋ በዚያ ላይ የራሷን ሙሾ ታወርዳለች። ሁለቱ አብረው አይነሱም፣ አብረው አያርፉም። እነሱ መስመር ሲጨርሱ እሷ መሃል ላይ ናት። እነሱ ሲጀምሩ እሷ ሲቃ ላይ ናት። ቃሉም የተለያየ ነው። ይህ ስህተት አይደለም፤ ስልቱ ራሱ ነው።

ለቅሶው ሲጠና ሙሽራዋ በጉልበቷ ትወድቃለች፣ ክርኗን ከወለሉ ወይም ከአግዳሚው ጋር ታጋጫለች። ሴቶች ከግራና ከቀኝ ይደግፏታል። የልጃገረዶቹ ዜማ ግን አያቆምም፣ አይፈጥንም፣ አይዘገይም።

እኔ እንደሚገባኝ የሰርጉ ነገር ሁሉ እዚህ ላይ ተቋጥሯል። ኅብረቱ መንደሩ ነው። ወጉ በራሱ ፍጥነት ይሄዳል፣ የማንም እንባ አያስቆመውም። ብቻውን የሚጮኸው ድምፅ ደግሞ ልጅቷ ናት። መንደሩ «አታልቅሺ» አይላትም። የምታለቅስበትን ቦታ በዜማ ሠርቶ ይሰጣታል፣ እየደገፈም ወደፊት ይወስዳታል።

ለቅሶዋ እውነት ነው ወይስ ወግ? ሁለቱም ነው። በፍቅር የምታገባዋም ታለቅስ ነበር፤ ግዴታ ነውና። ግን ብዙዋ ልጅ ባሏን በቅጡ አታውቀውም። የምትሄደው ወደ ሌላ መንደር፣ ወደ አማትና ወደ ምራቶች ቤት ነው። እዚያ ከሁሉም በታች ሆና ትጀምራለች። ግጥሙ የተዘጋጀ ስለሆነ እንባው የውሸት ነው የሚል ሰው፣ እኛ ጋ በአልቃሽ ግጥም ሆዱ ሲባባ ኖሮ አያውቅም ማለት ነው።

የሰርጉ ዋዜማ የልጃገረዶች ምሽት ነው። ጓደኞቿ መታጠቢያ ቤቱን ያሞቁላታል፣ በዘፈን ይወስዷታል፣ በዘፈን ይመልሷታል። ከዚያ ሹሩባዋ ይፈታል። ያላገባች ሴት አንድ ጉንጉን ነው ያላት፤ ያገባች ሁለት። ሁለቱ ጭንቅላቷ ላይ ተጠቅልለው በቆብ ይሸፈናሉ፣ ከዚያ በኋላ ባዕድ ሰው ፀጉሯን አያይም። ስለዚህ ጉንጉኑ ሲፈታ የሚዘፈነው ከሁሉም የከበደው ነው።

አባት ወይም እናት ለሞተባት ሙሽራ የተለየ ዘፈን ነበር። በብዙ የሩሲያ ክፍል ይታወቃል። ስለ አንድ ትልቅ ዛፍ ያወራል። ቅርንጫፉ ብዙ ነው፣ ቅጠሉ ብዙ ነው፣ ጫፉ ግን የለም። ሙሽራዋም እንግዳዋ ብዙ ነው፣ የሚመርቃት አባት ግን የለም። ከዚያ ወደ መቃብሩ ትወሰዳለች። አባቷን ተነስቶ እንዲመርቃት በሙሾ ትጠራዋለች።

ደቡብ ሌላ አገር ነው

ይህን ሁሉ ሳወራ ሰሜኑን ነው። አጥኚዎች የሩሲያን ሰርግ በሁለት ትልልቅ ዓይነት ይከፍሉታል። የሰሜኑን ቀብር የሚመስል ሰርግ ይሉታል። የምዕራቡንና የደቡቡን፣ የስሞለንስክን፣ የብርያንስክን፣ የኩርስክን፣ የቤልጎሮድን፣ ደስታ የሚመራው ሰርግ ይሉታል። እዚያ ሙሾ ወይ የለም ወይ አጭር ነው። ሙሽራዋ የምታለቅሰው ወላጅ ከሞተባት ነው። ወደ ዩክሬንና ወደ ቤላሩስ ወግ ይቀርባል። ለምሳሌ ካራቫይ የሚባለው ትልቅ የሰርግ ዳቦ ሲቦካ፣ ሲጋገር፣ ከምድጃ ሲወጣ ለየራሱ ይዘፈንለታል።

በምዕራቡ አንድ የሚገርም ነገር አለ። ዜማዎቹ በጣም ጥቂት ናቸው፣ ግጥሞቹ ግን ብዙ። አንድ መንደር በሁለት ሦስት ዜማ ሙሉ ሰርግ ሊያስኬድ ይችላል። ላልለመደ ጆሮ ያሰለቻል። ለመንደሩ ሰው ግን ዜማው ምልክት ነው። ከሩቅ፣ ቃሉ ሳይሰማ፣ «አሁን ሙሽራው ደረሰ»፣ «አሁን ልጅቷን እያወጧት ነው» ብሎ ያውቃል።

በር ላይ

በሰርጉ ቀን ሙሽራው ከአጀቡ ጋር ይመጣል። በዚያ ቀን ተራ ገበሬ አይደለም፤ «ልዑል» ነው የሚባለው። እሷ «ልዕልት»፣ አጀቦቹ «መኳንንት» ናቸው። አጀቡን የሚመራው ድሩዥካ ይባላል። ከሚዜ በላይ ነው፤ ወግ አዋቂ፣ ተናጋሪ፣ ቀልደኛ፣ ከክፉ ዓይንም ይጠብቃል ተብሎ የሚታመን። ጥልፍ ያለው ረጅም ፎጣ ከትከሻው ወደ ወገቡ አሻግሮ ያስራል። የሚናገረው ቤት እየመታ ነው።

በር መያዝ እነሱም ጋ አለ። ሳይከፍሉ መግባት የለም። የሙሽራዋ ታናሽ ወንድም አጠገቧ ይቀመጥና ሹሩባዋን ይዞ አልለቅም ይላል። ልጃገረዶቹ በዘፈን «ጠንክር፣ እህትህን በርካሽ እንዳትሸጥ» ይሉታል። ድሩዥካው ሳንቲም ይጨምራል፣ ይጨምራል፣ ልጁ በመጨረሻ ይለቃል። ልጃገረዶቹ ወዲያው ዜማ ቀይረው «እህትህን ሸጥክ» እያሉ ይወቅሱታል። ልጁ ምንም ቢያደርግ ወቀሳው አይቀርለትም።

ከዚያ ቤተ ክርስቲያን። እኛ ከበሮና ጸናጽል ለለመድን ይህ እንግዳ ሊሆንብን ይችላል፤ በሩሲያ ኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን የሙዚቃ መሣሪያ አይገባም። ያለው የሰው ድምፅ ብቻ ነው። ዘውዱ ግን እንደ እኛ ተክሊል ነው። ሁለቱ ዘውድ ይደረግላቸዋል፣ ካህኑ እጃቸውን ይዞ መጽሐፍ ማስቀመጫውን ሦስት ጊዜ ያዞራቸዋል፣ መዘምራኑ ነቢዩ ኢሳይያስን ደስ እንዲለው የሚጠራውን ዜማ ያሰማሉ።

ከቤተ ክርስቲያን ከወጡ በኋላ ሙሾ የለም። ሙሾው ለልጃገረዷ ነበር፤ እሷ ደግሞ አሁን የለችም። አንዲት ሚስት ወጥታለች። ከዚህ በኋላ ያለው ሁሉ ደስታ ነው።

የአምስት ሠረገላ መሣሪያ

ካህናትና ዘፋኞች ሁልጊዜ አልተስማሙም። በድሮው ዘመን ሰርግ ያለ ስኮሞሮኾች አይሆንም ነበር። ከመንደር መንደር የሚዞሩ አዝማሪዎች ናቸው፤ ጉስሊ የሚባል የክር መሣሪያ ይመታሉ፣ ዋሽንት ይነፋሉ፣ ድብ ያስጨፍራሉ፣ ያስቃሉ። እ.ኤ.አ. በ1551 ሞስኮ ላይ የተሰበሰበው የስቶግላቭ ጉባኤ በዚህ ላይ ምሬቱን ጽፏል። ሙሽሮቹ ለመጋባት ሲሄዱ ካህኑ መስቀል ይዞ ይጓዛል፣ ከፊቱ ደግሞ እነዚህ ሰዎች እየተጫወቱ ይሮጣሉ፣ ካህናቱም አይከለክሏቸውም ይላል።

አንድ መቶ ዓመት ገደማ ቆይቶ ክልከላው መጣ። በ1648 ወጣቱ የሩሲያ ንጉሥ (ዛር) አሌክሲ ሚኻይሎቪች ራሱ ሲያገባ፣ በቀደሙት ነገሥታት ሰርግ የተለመደውን መለከትና ከበሮ አስቀርቶ የቤተ ክርስቲያን ዜማ እንዲዘመር አደረገ። በዚያው ዓመት መጨረሻ ስኮሞሮኾችን የሚከለክል ትእዛዝ ወጣ። መሣሪያቸው ይሰበር፣ ይቃጠል ተባለ። ጀርመናዊው ተጓዥ አዳም ኦሌአሪየስ አምስት ሠረገላ ሙሉ መሣሪያ የሞስኮ ወንዝን ተሻግሮ ተወስዶ መቃጠሉን ጽፏል።

ስኮሞሮኾቹ ጠፉ። የድሩዥካው ቀልድና ቤት የሚመታ ንግግር ግን ከእነሱ የተረፈ ነው ይላሉ ብዙ አጥኚዎች። የሴቶቹን ድምፅ ደግሞ ማንም ሊያቃጥለው አልቻለም። የሩሲያ ሰርግ ዋነኛ መሣሪያ ጉሮሮ ሆኖ የቀረው ቀድሞም እሱ ስለነበረ ነው።

ውዳሴ ይከፈልበታል

ግብዣው ላይ ሙሽሮቹ በብዙ ቦታ አይበሉም፣ አይጨፍሩም። ጎን ለጎን ቁጭ ብለው ይታያሉ። የሚሠሩት ዘፋኞቹ ናቸው። እያንዳንዱን እንግዳ በስሙና በአባቱ ስም እየጠሩ ያወድሱታል። ቬሊቻልናያ ይባላል፣ የማወደሻ ዘፈን።

ያላገባ ወንድ ከሆነ ስለ ፀጉሩ ጥቅልልና ስለ ፈረሱ ይዘፈንለታል። ባልና ሚስት ከሆኑ ባንድ ዘፈን አብረው ይወደሳሉ፤ ግቢያቸው፣ ልጆቻቸው፣ ፍቅራቸው። መበለቲቱም የራሷ አላት። ሙሽራው ጭልፊት ነው፣ ሙሽራዋ ነጭ የውሃ ወፍ። በሰሜን በየስንኙ መጨረሻ የወይን ፍሬን የሚጠራ አዝማች ይመጣል፣ ወይን በማይበቅልበት በረዷማ አገር። ወይኑ የጥጋብና የፍሬ ምልክት ስለሆነ ነው።

የተወደሰው ሰው ዝም ማለት አይችልም። ተነስቶ ሳንቲም ወይም የማር ዳቦ ሳህኑ ላይ ያስቀምጣል። ቆጥቦ ከሰጠ ወይም ጨርሶ ካልሰጠ ሴቶቹ በዚያው ዜማ ወደ ስድብ ይዞራሉ። ኮሪልናያ ይባላል። ኮትህ የተዋሰከው ነው፣ ቦት ጫማህ ቀዳዳ ነው፣ ሆድህ በርሜል ነው። ድሩዥካውና ዋናዋ አማላጅ ሳይሰደቡ የሚያልፉበት ሰርግ የለም። ሰውየው እየሳቀ ይከፍላል፤ መቆጣት አይፈቀድም።

ለእኔ ይህ ከቀልድ በላይ ነው። ሁለት የማይተዋወቁ ቤተሰቦች አንድ ጠረጴዛ ላይ ተቀምጠዋል። በዘፈን ተወዳድሰው፣ በዘፈን ተሰዳድበው፣ ሳንቲም ተቀባብለው ሲነሱ ዝምድናው ተጀምሯል።

እግር ሲነሳ

ጭፈራውም እንደ ዘፈኑ ዓይነቱ ብዙ ነው። ክብ ሠርቶ እየዘፈኑ መዞር፣ ኾሮቮድ፣ ቀስ ያለው ነው። ፕልያስካ ፈጣኑ ነው። ሁለት ሰው ፊት ለፊት ወጥቶ ተራ በተራ የሚፎካከርበት ፔሬፕልያስ ደግሞ አለ፤ አንዱ ያደረገውን ሌላው ደግሞ አዲስ መጨመር አለበት። ያለቀበት ይሸነፋል።

ቁጢጥ ብሎ እግር ማወንጨፍ የወንድ ነው። ሴቷ እንደዚያ አትዘልም። ትከሻዋ ሳይነቃነቅ፣ ቀሚሷ እግሯን ሸፍኖ፣ ወለሉ ላይ የምትንሸራተት ነው የሚመስለው። ከቀሚሱ ሥር ግን ተረከዟ ሳያርፍ ይመታል። እኛ ሐገር ጭፈራው ትከሻ ላይ ነው፤ እዚያ ሙዚቃውን እግር ስር ነው መፈለግ ያለብን።

በደቡብ ጭፈራው የከበሮ ሥራ ይሠራል። ቤልጎሮድ ውስጥ ፔሬሴክ የሚሉት አለ። አንዱ መሠረቱን ይመታል፣ ሌላው በመሃል እየገባ ይሰብረዋል፣ ሦስተኛው በሁለቱ ላይ ይጨምራል። ከበሮ የለም፣ የሚሰማው ግን ከበሮ ነው።

ኩርስክ ክልል ሱድዣ አጠገብ ያለው ፕሌኾቮ መንደር በዚህ ይታወቃል። እዚያ ኩጊክሊ የሚባል መሣሪያ አለ፤ ከሸምበቆ የተቆረጡ፣ ርዝመታቸው የሚበላለጥ ትንንሽ ዋሽንቶች ናቸው። የሚነፉት ሴቶች ብቻ ናቸው። ነፊዋ ሸምበቆዎቹን ከንፈሯ ሥር እያንሸራተተች ትነፋለች፣ በየመሃሉ ደግሞ በራሷ ድምፅ አጭር ጩኸት ታስገባለች። ሸምበቆው የቱ ጋ አቁሞ ድምፅዋ የቱ ጋ እንደጀመረ ጆሮ አይለይም። በዚህ ላይ ክብ የሠራው ሕዝብ ቲሞንያ የሚባለውን የአካባቢውን ጭፈራ ይጨፍራል።

አኮርዲዮኑስ? እሱ መጤ ነው። ጋርሞን የሚባለው ትንሹ የሩሲያ አኮርዲዮን በቱላ ከተማ መሠራት የጀመረው በ1830ዎቹ ነው። በክፍለ ዘመኑ መጨረሻ ግን ያልገባበት መንደር አልነበረም። ድምፁ ትልቅ ነው፣ ብርድ አይፈራም፣ አንድ ሰው ብቻውን ሙሉ ሰርግ ያስጨፍራል። ጥፋትም አመጣ። ድምፆቹ በአውሮፓ ስኬል የተቃኙ ናቸው። የድሮዎቹ ዜማዎች ደግሞ በጥቂት ድምፅ፣ በራሳቸው ቅኝት የሚሄዱ ስለሆኑ አይገጥሙትም። ጋርሞኑ የወደደውን ዘፈን አሳደገ፣ ያልወደደውን ለአሮጊቶች ተወ። ቻስቱሽካ የሚባሉት አጫጭር፣ ፈጣን፣ ተንኳሽ ግጥሞች አብረውት ተስፋፉ። ባላላይካ ከእሱ ይቀድማል፣ በጽሑፍ የተጠቀሰው በ1688 ነው። ስሞለንስክና ፕስኮቭ አካባቢ ደግሞ የሰርግ ንጉሥ ቫዮሊን ነበር።

በማግስቱ ሥርዓቱ ሁሉ ይገለበጣል። ወንዱ የሴት ቀሚስ ይለብሳል፣ ሴቷ ጺም ትለጥፋለች፣ ፊት በጥላሸት ይቀባል። የሙሽራዋ ወገን «አንዲት በጋችን ጠፍታብናለች» እያሉ የሙሽራውን ግቢ ይበረብራሉ። የምድጃ ክዳን፣ መጥበሻ፣ ማጭድ፣ የተገኘው ሁሉ ይደለቃል። ሸክላ ይሰበራል፣ አዲሷ ሚስት ስብርባሪውን ትጠርጋለች፣ እነሱ መልሰው ይበትኑባታል። የሚዘፈነው ልጆች ፊት የማይባል ነው። ትናንት በሙሾ የተቀበረችው ልጅ ዛሬ በሳቅና በጫጫታ አዲስ ቤት ትለምዳለች።

ምን ቀረ?

በ20ኛው ክፍለ ዘመን ሙሾው ቀድሞ ጠፋ። ከ1917ቱ አብዮት በኋላ የቤተ ክርስቲያን ጋብቻ ተገፋ። መሬት ወደ ኅብረት እርሻ ገባ። ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ወንዶቹን ጨረሰ፣ ከተማው ወጣቱን ወሰደ። በ1959 ሌኒንግራድ ላይ የመጀመሪያው የጋብቻ ቤተ መንግሥት ተከፈተ፤ በነጭ ቬሎ፣ በቀለበት፣ በሜንደልሶን የሰርግ ማርሽ። እኔ ግን ሙሾውን የገደለው ፖለቲካ ብቻ አይመስለኝም። ራሷ ባል የመረጠች፣ ደመወዝ ያላት፣ ካልተስማማት ፈትታ የምትወጣ ልጅ ቮሊያዋን የምትቀብርበት ምክንያት የለም። ይህ ደግ ነገር ነው።

የቀረው ሁለተኛው ግማሽ ነው። ዛሬም የሙሽራዋን ደረጃ ዘግተው ያስከፍላሉ። ዛሬም እንግዳው «ጎርኮ!» ይላል፣ መጠጡ መረረን ማለት ነው፣ ሙሽሮቹ ተሳስመው ያጣፍጡታል። ድሩዥካውን ታማዳ የሚባለው የመድረክ መሪ ተክቶታል፣ ጋርሞኑን ዲጄ።

ዜማዎቹ ግን አልሞቱም። ሰብሳቢዎች ከአሮጊቶች አፍ ቀርጸዋል፣ የከተማ ወጣቶች መንደር ወርደው ተምረዋል። ከእነዚህ መካከል ድሚትሪ ፖክሮቭስኪ በ1973 ሞስኮ ላይ የመሠረተው ቡድን ዋነኛው ነው።

መስማት ለሚፈልግ እንዲህ ብሎ ቢጀምር ይቀለዋል። መጀመሪያ የሙዚቃ ደራሲው ሚኻይል ግሊንካ በ1848 የጻፈውን «ካማሪንስካያ» ማዳመጥ። ሰባት ደቂቃ ገደማ ነው፣ ዩቲዩብ ላይ ሞልቷል። ግሊንካ ሁለት ዜማ ወሰደ፦ አንዱ ቀርፋፋ የሰርግ ዘፈን፣ ሌላው ፈጣን ጭፈራ። ሁለቱ ዝምድና እንዳላቸው ጆሮው ያዘው፣ አንዱን ወደ ሌላው እየለወጠ ሠራው። ቀጥሎ የሙዚቃ ደራሲው የኢጎር ስትራቪንስኪ «ስቫዴብካ» የተባለው የባሌት ሥራ፣ በ1923 ፓሪስ ላይ በብሮኒስላቫ ኒዢንስካ ኮሪዮግራፊ የቀረበው። አራት ፒያኖ፣ ከበሮዎችና ደወሎች፣ ዘፋኞች፤ ቃሉን ያገኘው ፒዮትር ኪሬየቭስኪ ከሰበሰባቸው የሕዝብ የሰርግ ግጥሞች ነው። የሚከፈተው ሙሽራዋ ስለ ሹሩባዋ በምታለቅሰው ለቅሶ ነው። የፖክሮቭስኪ ቡድን ደግሞ በ1990ዎቹ ይህንኑ ሥራ በገጠር ሴቶች ጉሮሮ ዘፍኖ፣ ከእውነተኛ የመንደር የሰርግ ዘፈኖች ጋር ባንድ አልበም አስቀርጾታል። በአልበሙ ላይ ከመንደሮቹ ዘፈኖች ብትጀምሩ ይሻላል፤ ከዚያ ስትራቪንስኪ የቱ ጋ ከመንደሩ እንደወሰደ፣ የቱ ጋ ከራሱ እንደጨመረ ጆሯችሁ ራሱ ይለያል።